የተዘለለው መስመር

(በማኅበራችን ወርኃዊ ስብሰባ ላይ የመጻሕፍት መደርደሪያችን ኃላፊ ያቀረበችው ንግግር)



ባለፈው ወር ለመደርደሪያችን ምን ምን መጽሐፍ እንግዛ ብለን ስንመክር ያቀረብኩትን ዝርዝር ታስታውሱታላችሁ። ስለ ዓድዋ፣ ስለ ጣሊያን ወረራ፣ ስለ ቀይ ኮከብ ዘመቻ፣ ስለ ሩሲያ ጦርነት የሚናገሩ መጻሕፍት ነበሩበት። ዝርዝሩ ተነቦ ሳያልቅ አንዲት እናታችን እጃቸውን አነሡና፣ «ልጄ፣ በዓይናችን ያየነውን መከራ ደግሞ በገንዘባችን ገዝተን እናንብበው? ምነው፣ የሚያስቅ መጽሐፍ ጠፋ?» አሉ። ቤቱ በሳቅ ሞላ። እኔም ሳቅሁ። ቤቴ ከገባሁ በኋላ ግን ነገሩ አልለቀቀኝም።

እባብ ያየ በልጥ በረየ ይባላል። በመካከላችን ጦርነት ያየች አለች፣ ረሀብ ያየች አለች፣ በስደት በረሃ ያቋረጠች አለች። ለእንዲህ ያለች ሴት «ስለ ጦርነት አንብቢ» ማለት ቀላል ነገር አይደለም። ዛሬ የቆምኩት ለእኒያ እናታችን መልስ ልሰጥ ነው። የመልሴ እኩሌታ «እውነትዎን ነው» የሚል ነው። የቀረውን እኩሌታ ግን እንድትሰሙኝ እለምናለሁ።

አስቀድሜ አንድ ነገር ልናገር። ወንድሜ በ1974 ዓ.ም. ወደ ሰሜን ከዘመቱት አንዱ ነበር። ከግንባር የደረሰን አንድ ደብዳቤ ብቻ ነው። እናቴ ፊደል አልቆጠረችም። ደብዳቤውን መጀመሪያ የጎረቤት ልጅ አነበበላት። በማግስቱ ለየኔታ ወስዳ አስነበበች። ከሳምንት በኋላ እኔ ከማስተምርበት አገር ስመጣ፣ ገና ጫማዬን ሳላወልቅ ለእኔም ሰጠችኝ። ከሰላምታውና ከናፍቆቱ መካከል እግሩ መቁሰሉን፣ አብረውት ከሄዱት ብዙዎቹ መሞታቸውን የምትናገር አንዲት መስመር ነበረች። እናቴ እንዳትደነግጥ ብዬ ያችን መስመር ዘለልኳት። እናቴ ዝም ብላ አዳመጠች። ከዚያ ወረቀቱን ተቀብላ አጣጠፈችና በነጠላዋ ጫፍ ቋጠረችው።

ወንድሜ አልተመለሰም። እናቴም ከብዙ ዓመት በኋላ አረፈች። ያ የጎረቤት ልጅ ጎልማሳ ሆኖ ለቅሶ ሊደርስ መጥቶ ሲያጫውተኝ ነው ደብዳቤውን ሳያስቀር ከላይ እስከ ታች አንብቦላት እንደነበር ያወቅሁት። ልጅ ነበረ፤ መዝለል አላወቀበትም። እናቴ ለየሰዉ የምታስነብበው ሁላችን አንድ ዓይነት እናነብ እንደሆነ ለማመሳከር ነበር ማለት ነው። እኔ መዝለሌንም ያን ቀን ዐውቃለች። እኔ እሷን ላለማስደንገጥ፣ እሷ እኔን ላለማሳፈር፣ ስለ ገዛ ልጇና ስለ ገዛ ወንድሜ ሳንነጋገር ሃያ ዓመት አንድ ቤት ገባን፣ ወጣን።

ከዚያ ወዲህ ስለ ጦርነት የተጻፈ መጽሐፍ በእጄ በገባ ቁጥር «እዚህ የተዘለለው ምንድን ነው? ማንስ ሞልቶ ይነግረናል?» እያልኩ አነባለሁ። ይህን በጥቂት መጻሕፍት ላሳያችሁ።

አንደኛው «የሐበሻ ጀብዱ» ነው። ጸሐፊው አዶልፍ ፓርለሳክ የቼክ ተወላጅ ነው። ጣሊያን በ1928 ዓ.ም. ሲወረን በሰሜን ግንባር ከራስ ካሣ ሠራዊት ጋር ነበረ። ተጫነ ጆብሬ መኮንን በቀጥታ ከቼክ ቋንቋ ወደ አማርኛ መለሰው። ይህን መጽሐፍ የጀመረ ሰው ወጡ እስኪያርበት ያነባል። የተራራው ጉዞ፣ የአውሮፕላኑ ድብደባ፣ የመርዝ ጋዙ፣ የሽሽቱ ጭንቅ ሁሉ አለበት። ጀብዱ ደስ ይላል፤ ይህን መካድ አያስፈልግም። ልጆቻችን ማንበብ የሚለምዱት ብዙ ጊዜ በእንዲህ ያለው ነው። የባዕድ ሰው ዓይንም እኛ ለምደን የማናየውን ያያል። ነገር ግን ጀብዱ የሚጻፈው ለሚተኩሰውና ለሚያዋጋው ነው። ያ ሁሉ ሠራዊት የበላውን በሶና ቆሎ ማን አዘጋጀው? ዱቄቱን ማን ፈጨው? በዚያ ዘመን ሠራዊት ሲንቀሳቀስ ስንቅ ተሸክማ፣ እንጨት ለቅማ፣ ውኃ ቀድታ የምትከተል ሴት እንደነበረች ሁላችንም ከአያቶቻችን ሰምተናል። በጀብዱ መጽሐፍ ውስጥ እሷን እንደ መንገዱ አቧራ አልፈናት እንሄዳለን።

የታሪክ መጽሐፍም ከዚህ ብዙ አይሻልም። ዓድዋን እንውሰድ። እቴጌ ጣይቱ በ1888 ዓ.ም. በመቀሌ የጣሊያን ምሽግ ውኃ የሚቀዳበት ምንጭ እንዲያዝ ማድረጋቸውና ምሽጉ በውኃ ጥም ተጨንቆ መለቀቁ በታሪክ ታውቋል። የካቲት 23 ቀን በዓድዋም ለቁስለኛው ውኃ ያቀረቡ ሴቶች እንደነበሩ ተጽፏል። ተመልከቱ፣ የእቴጌይቱ ስም አለ። ገንቦውን በጀርባዋ አዝላ ጥይት በሚያፏጭበት መካከል የተመላለሰችው ሴት ስም ግን የለም። ስሟ የቀረው ክፉ ሰው ስላጠፋው አይመስለኝም። ብዕር የያዘው ሰው ሥራዋን እንደ ዘወትር የቤት ሥራ ስለቆጠረው ነው። ውኃ መቅዳት ምን ይጻፍለታል ብሎ ነው።

ልብ ወለድ አንዳንድ ጊዜ ይህን ጉድለት ይሞላል። መዓዛ መንግስቴ አዲስ አበባ ተወልዳ በውጭ ያደገች ደራሲ ናት። በእንግሊዝኛ የጻፈችውና እንደ ፈረንጆች አቈጣጠር በ2019 የወጣው ልብ ወለዷ ስለዚያው ስለ ጣሊያን ወረራ ነው። ዋናዋ ባለታሪክ ሂሩት የምትባል የቤት ሠራተኛ ናት። መጽሐፉ በ2020 ለቡከር ሽልማት ከመጨረሻዎቹ ዕጩዎች አንዱ ሆኗል። እኔን ይበልጥ የነካኝ ግን ከመጽሐፉ ጀርባ ያለው ታሪክ ነው። ደራሲዋ ስለ ሴት አርበኞች ዓመታት ሙሉ ስትመረምር ከቆየች በኋላ ነው የገዛ ቅድመ አያቷ ጠመንጃ ይዛ መዝመቷን የሰማችው። ያንን ጠመንጃ ለማግኘት ቅድመ አያቲቱ አባቷን እስከ መክሰስ ደርሳለች። ይህን የነገረቻት ደግሞ እናቷ ናት። እንግዲህ አስቡት። ማኅደር ስታገላብጥ፣ አሮጌ ፎቶግራፍ ስትሰበስብ የቆየች ሴት ዋናው ታሪክ ከእናቷ ዘንድ ተቀምጦ ነበር። እናትየው አልደበቀችም። ጠያቂ አልመጣም እንጂ።

ሦስተኛው የበዓሉ ግርማ «ኦሮማይ» ነው። ይህን መጽሐፍ ለብዙ ዓመት መክፈት አቅቶኝ ነበር፤ ምክንያቴን አሁን ታውቁታላችሁ። የሚናገረው ወንድሜ ስለቀረበት ስለዚያው የ1974ቱ ዘመቻ ነው። በዓሉ በማስታወቂያ ሚኒስቴር ከፍተኛ ሹም ነበረ። ለዘመቻው አስመራ ከሄዱት መካከልም ነበረበት። ዘመቻው እንዲህ ሆነ፣ እንዲያ ሆነ ተብሎ በራዲዮ የሚነገረውን ከሚያዘጋጁት አንዱ ነበር ማለት ነው። በ1975 ዓ.ም. ያወጣው ልብ ወለድ ግን ራዲዮው የዘለለውን ጻፈ። ባለታሪኩ ጋዜጠኛ ፀጋዬ እጮኛውን ሮማንን አዲስ አበባ ትቶ አስመራ ይሄዳል፤ እዚያም ፊያሜታን ይወዳል። በመጨረሻ ነገሩ ሁሉ የሚያመራው ወደ ናቅፋ ተራሮች ነው። መጽሐፉ ወዲያው ከገበያ ተለቀመ። ደራሲውም ከሥራው ተባረረ። በየካቲት 1976 ዓ.ም. ከቤቱ እንደወጣ ቀረ። እስከ ዛሬ የት እንደደረሰ አልታወቀም። ሚስትና ልጆቹም እንደኛ ቤት ሰው በር በሩን ሲያዩ ኖሩ።

«ኦሮማይ»ን ሳነብ ወንድሜን አላገኘሁትም። አገኘዋለሁ ብዬም አልነበረም። ያገኘሁት ሌላ ነገር ነው። አስመራ ውስጥ የምትኖር ሴት ቡና ስትጠጣ፣ ስትወድ፣ ስትፈራ አየሁ። ያን ጊዜ ከተራራው ወዲያ ማዶ በነበረው ምሽግ ውስጥም የሌላ ሴት ወንድም እንደነበረ፣ የእሱም እናት ደብዳቤ ስታስነብብ እንደኖረች ለመጀመሪያ ጊዜ ከልቤ አሰብኩ። እስከዚያ ቀን የማለቅሰው ለአንዱ ወገን ብቻ ነበር። የወጋ ቢረሳ የተወጋ አይረሳም እንላለን። በጦርነት ግን አንዱ ቤት የወጋም የተወጋም ሊሆን ይችላል። ይህን ያስተማረኝ ፖለቲከኛ አይደለም፤ ልብ ወለድ ነው። በዚህ ማኅበራችንም ልጆቻቸው በተለያየ ወገን የቆሙ እናቶች አንድ ረከቦት ዙሪያ ይቀመጣሉና ይህን ማለት አስፈላጊ መሰለኝ።

የመጨረሻው የሩቅ አገር መጽሐፍ ነው። ስቬትላና አሌክሲዬቪች የቤላሩስ ጸሐፊ ናት፤ በ2015 የኖቤል ሽልማት አግኝታለች። «ጦርነት የሴት ፊት የለውም» የተባለው መጽሐፏ በ1985 ወጣ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በሶቭየት ሠራዊት ውስጥ አንድ ሚሊዮን ያህል ሴቶች ነበሩ፤ ነርስ፣ ተኳሽ፣ ፓይለት፣ አጣቢ፣ ወጥ ቤት ሆነው። ጸሐፊዋ ቴፕዋን ይዛ በየቤታቸው እየሄደች ስታነጋግራቸው ኖረች። አንዷ ዘንድ ስትሄድ ባልየው ሌሊቱን ሙሉ የጦርነቱን ታሪክ መጽሐፍ ሲያስጠናት አድሮ ነበር። ሚስቱ ራሷ የዘመተችውን ጦርነት፣ እንዳትሳሳት ብሎ! ከቀን ቀንና ከጦር ክፍል ስም ይልቅ እሷ የምታስታውሰው ሌላ ነገር ነው፤ እሱ ደግሞ ያን ታሪክ አይለውም።

መጽሐፉ ሲታተም ሳንሱር ብዙ ቦታ ቈርጦታል። ዘመኑ ሲለወጥ ጸሐፊዋ የተቈረጠውን መልሳ አስገባች። ከዚያ ያደረገችው ግን ከሁሉም ይበልጥብኛል። ሳንሱሩ ሳይነካው እሷ ራሷ ያወጣችውንም ለይታ አሳተመችው። ይህን ሳነብ ወረቀቱን በእናቴ ፊት ይዤ ቆሜ ታየኝ። የሚዘልል መንግሥት ብቻ አይደለም። እንወዳለን እያልንም እንዘላለን።

አሁን ወደ እናታችን ጥያቄ ልመለስ። እሳቸው ልክ የሆኑበት ነገር አለ። እንቅልፍ የሚነሳ መጽሐፍ ይዘጋ። ማንም ሴት በዚህ ቤት ስለ ራሷ መከራ እንድትናገር አትገደድ፤ ዝምታዋ የራሷ ነው። የሚያስቁ መጻሕፍትም በዝርዝሩ ላይ ይጨመሩ፤ እኔም እፈልጋቸዋለሁ። ዕድሜያቸው ላልደረሰ ልጆች የምንሰጠውን ደግሞ አስቀድመን እናንብበው። የጦርነት መጽሐፍ ጀግንነትን ብቻ ነግሮ ለልጅ ልብ ቂም ሊያወርስ ይችላልና።

እኔ የማልስማማው መከራውን ስላየነው መጽሐፉ አይጠቅመንም በሚለው ነው። ያየነው እያንዳንዳችን በኩላችን ነው፤ የጎረቤታችንን አላየንም። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባል የለ? ስለ ራስ ለመናገር አፍ ሲተሳሰር ስለ ሂሩት ወይም ስለ ፊያሜታ ማውራት ይቀላል። ከእነሱ ተጀምሮ ወደ ራስ ይመጣል፤ ባይመጣም አይከፋም።

ስለዚህ ሁለት ነገር ላቅርብ። አንደኛ፣ እነዚህን መጻሕፍት በወር አንድ ጊዜ ከእቁባችን ዕጣ በኋላ አብረን እናንብብ። ፊደል ያልቆጠሩ እናቶቻችን እንዲሰሙ ድምፅ ያላት አንዷ ታነብባለች፤ ግን ሳትዘልል። ምዕራፉ ሲያልቅ ሦስት ነገር እንጠይቅ። የሚያወራው ማን ነው? በዚህ ገጽ ላይ ላለው ሰው ሁሉ እንጀራ የጋገረችው ማን ናት? ያልተነገረው ምንድን ነው?

ሁለተኛ፣ እናታችሁ፣ አያታችሁ ወይም አክስታችሁ በሕይወት ያሉላችሁ እኅቶቼ፣ ቤታችሁ ስትገቡ አንድ ጥያቄ ጠይቋቸው። ትልቅ ጥያቄ አያስፈልግም። «በዚያን ጊዜ ምን ትበሉ ነበር? ውኃ ከየት ትቀዱ ነበር?» ማለት ይበቃል። መልሱን በደብተር ጻፉት፤ ወይም በስልካችሁ ቅዱት። ፈቃዳቸው ከሆነ በዚህ መጽሔታችን ላይ እናወጣዋለን፤ ካልሆነ ከቤታችሁ አይውጣ። እኔ የምጠይቃት እናት የለችኝም። የወንድሜ ደብዳቤ ግን አለ፤ ከነጠላዋ ጫፍ የፈታሁት እኔ ነኝ። ባለፈው እሑድ የልጅ ልጆቼን ሰብስቤ አነበብኩላቸው። ያችን መስመርም አነበብኳት።