መብራት ሳይጠፋ፣ በኮምፒውተር አጥፍቶ ማየት

ዛሬ ስለ መብራት እናወራለን፤ ስለ ሂሳቡ ግን አይደለም፣ አትፍሩ!

ርሖቮት ሄርዝል ጎዳና የምትመላለሱ ልጆች የቫይዝማን ተቋምን በር ታውቁታላችሁ አይደል? እዚያ ግቢ ውስጥ ከ1954 እስከ 1955 ቫይዛክ የተባለ ኮምፒውተር ተሠርቷል፤ በእስራኤል የመጀመሪያው ነው። ከተሰጡት ሥራዎች አንዱ የውቅያኖስን ውኃ ሙላትና ጉድለት ማስላት ነበር። በሌሎች አገሮች ደግሞ በዚያው ዘመን መሐንዲሶች የመብራት መስመርን ስሌት ለኮምፒውተር መስጠት ጀመሩ። ቲኒና ሃርት የተባሉ ሁለት አሜሪካውያን በ1967 ያሳተሙት ዘዴ እስከ ዛሬ ይሠራበታል።

ስሌቱ ለምን አስፈለገ? የሚመነጨውና የምንጠቀመው ኃይል በየቅጽበቱ እኩል መሆን አለበት። አንድ ትልቅ ጣቢያ ድንገት ቢቆም ምን ይሆናል? ሆስፒታሉን አጥፍተን እንይ አይባልም! ስለዚህ እያንዳንዱ መስመር፣ ትራንስፎርመርና ጣቢያ ወደ ቀመር ይለወጥና ሶፍትዌሩ ውስጥ ይገባል። ከዚያ አንዱን ቆርጠህ ታያለህ፤ የቀሩት ሸክሙን ይችላሉ ወይስ ተያይዘው ይወድቃሉ?

አሁን ነገሩ ከበድ ብሏል። የድሮ ጣቢያዎች ከባድ ተሽከርካሪ ማሽን አላቸው፤ ችግር ሲመጣ ክብደቱ ጥቂት ሰከንድ ፋታ ይሰጣል። ሶላር ግን የሚሽከረከር ነገር የለውም። ስለዚህ አዳዲሶቹ ሶፍትዌሮች በሰከንድ ሚሊዮንኛ ክፍልፋዮች ደረጃ ያሰላሉ። ሚያዝያ 2025 ስፔንና ፖርቱጋል ቮልቴጁ ከልክ አልፎ፣ ጣቢያዎች በተከታታይ ሲወጡ በሰከንዶች ውስጥ ጨለሙ።

አባቶቻችን «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» ይላሉ። ኢትዮጵያ ከኬንያ ጋር ከ1,000 ኪሎ ሜትር በላይ በሚረዝም፣ 2,000 ሜጋዋት በሚችል መስመር ተገናኝታለች፤ በ2025 የተመረቀው ሕዳሴ ግድብ ደግሞ 5,150 ሜጋዋት ማመንጨት ይችላል። እስራኤል ግን በመብራት ረገድ ደሴት ናት፤ በችግር ሰዓት ኃይል የሚያበድራት ጎረቤት የላትም። ስለዚህ ስሌቱ መሳት የለበትም።

ታዲያ እኛን ምን አገባን? ብዙዎቻችን ለወላጆቻችን የዕብራይስጥ ደብዳቤ እየተረጎምን ነው ያደግነው። ነገ ቫዓድ ባይቱ ጣራ ላይ ሶላር ልናስገባ ነው ሲል «መስመሩ አይችልም» የሚል ደብዳቤ ሊመጣ ይችላል። ያ መልስ የሚወጣው ከእንዲህ ዓይነት ስሌት ነው። ዕብራይስጡን መተርጎም ብቻ አይበቃም፤ ስሌቱን የሚያውቅ ሰው «እስኪ ቁጥሩን አሳዩኝ፤ ባትሪ ብንጨምርስ?» ብሎ መጠየቅ ይችላል።

ትልልቆቹ ሶፍትዌሮች ውድ ናቸው፤ ፓንዳፓወር ግን በነፃ ይገኛል። በጀርመን የካሰል ዩኒቨርሲቲና የፍራውንሆፈር ተመራማሪዎች የሠሩት ነው፤ በፓይተን ይሠራል፣ የመለማመጃ መስመሮችም አሉት። ፓይተን የነካካችሁ ዛሬ ማታ አውርዱት፤ አንድ መስመር ቆርጣችሁ ሌሎቹ ስንት በመቶ እንደተጫኑ እዩ። ከ100 ያለፈ ካለ፣ እንዴት ታቃልሉታላችሁ? መልሳችሁን ላኩልን፤ በሚቀጥለው ዝግጅት እናነበዋለን።

እስከዚያው ሰላም ሁኑ።