ስልሳ ቢ፦ አንድ ወንበር፣ ሦስት ተወካዮች

(በሚኒያፖሊስ ለተሰበሰቡ ኢትዮጵያውያን ሙስሊሞች የቀረበ ንግግር)



ዛሬ ስለ ዋሽንግተን አላወራም። የማወራው ሪቨርሳይድ የሚገኝበትን ስልሳ ቢ የተባለውን የምርጫ ክልል ነው። የሚኒሶታ የተወካዮች ምክር ቤት 134 ወንበሮች አሉት፤ አንዱ የዚህ ሰፈር ነው።

ወይዘሮ ፊሊስ ካን በፈረንጆቹ 1972 ተመርጠው 44 ዓመት ምክር ቤት ተቀመጡ። በየአሥር ዓመቱ ቆጠራ ይካሄዳል፣ ካርታው ይሠራል፣ የክልሉ ቁጥር ይቀያየራል፤ እሳቸው ግን አሉ። ሥራ አልሠሩም ብንል ግፍ ነው። በ1975 በሕዝብ መገልገያ ቦታዎች ማጨስን የገደበውን ሕግ ያመነጩት እሳቸው ናቸው። ግን በዚያ ሁሉ ዓመት ሰፈሩ ሌላ ሰፈር ሆነ። ሶማሌው መጣ፣ እኛም መጣን።

በ2014 ወንድም ሞሐሙድ ኑር ተወዳደራቸው፤ ተሸነፈ። በ2016 እሱም እህት ኢልሃን ዑመርም ገቡ። ሁለት ሶማሌዎች ድምፅ ሲሻሙ ነባሯ ያልፋሉ ያስብላል። አልሆነም። ኢልሃን ከሰፈራችን ሰው ጋር የዩኒቨርሲቲውን ተማሪም ይዛ 41 በመቶ ገደማ አገኘች። በ2018 እሷ ወደ ኮንግረስ ስትሄድ ወንበሩን ሞሐሙድ ያዘው።

እዚህ ላይ ቆም እንበል። 44 ዓመት የተያዘው ወንበር የተለቀቀው በኅዳር አይደለም፤ በነሐሴው የፓርቲ ማጣሪያ ነው። በዚህ ክልል ዴሞክራቱን በማጣሪያው ያሸነፈ፣ ኅዳር ላይ ብዙም አይቸገርም። ወደ 40 ሺህ ሕዝብ ባለበት ክልል በዚያ ቀን በዴሞክራቶቹ በኩል የተሰጠው ድምፅ 6,000 እንኳ አልሞላም! ካርታው ሲሠራ ሕፃኑም፣ ግሪን ካርድ ያለውም ይቆጠራል። ድምፅ የሚሰጠው ግን 18 ዓመት የሞላው ዜጋ ብቻ ነው። ስለዚህ የዜግነት ወረቀቱን መሳቢያ ውስጥ ያስቀመጠ ሰው፣ መምረጥ የማይችሉትን ልጆቹንና እናቱንም ድምፅ አብሮ ቆልፎባቸዋል።

በ2012 አገር ቤት ወንድሞቻችን የመጅሊስ ምርጫ በመስጂድ እንጂ በቀበሌ አይሁን ብለው ታሰሩ። እኛም እዚህ ሰልፍ ወጥተን «ድምፃችን ይሰማ» ብለናል። እንግዲህ ሳጥኑ ክፍት ሆኖ ሳለ ነሐሴ ላይ እቤት የምንቀመጠው በምን ምክንያት ነው? ማንን ምረጡ አልልም፤ እሱ የኔ ጉዳይ አይደለም።

«የፓርቲ አባል አይደለሁም» የሚል አለ። በሚኒሶታ አባልነት አይጠየቅም፤ በወረቀቱ ላይ ከአንድ ፓርቲ ዝርዝር አለመውጣት ብቻ ነው። «አልተመዘገብኩም» የሚልም በዕለቱ እዚያው መመዝገብ ይችላል። የመኖሪያ ማስረጃ ከሌለው በዚያው ጣቢያ የሚመርጥ የተመዘገበ ጎረቤቱ ምሎ ይመሰክርለታል። ይህን ለእናቶቻችን በየቤቱ ሄዶ የሚያስረዳ ወጣት እንፈልጋለን፤ በተለይ እህቶችን።

ፈቃደኛ የሆናችሁ ከሶላት በኋላ እዚሁ ቆዩ፤ ኢንሻአላህ ፎቆቹን ዛሬውኑ እንከፋፈላለን።