ተመላሹ መዝገብ



በ2011 ዓ.ም. የወጣው የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156 የሥራ ክርክር ፈጥኖ እንዲያልቅ የቀን ልክ አበጅቶለታል። የመጀመሪያ ደረጃው ችሎት በ60 ቀን ይወስናል፤ ቅር የተሰኘው ወገን በ30 ቀን ውስጥ ይግባኝ ይላል፤ ይግባኝ ሰሚውም 60 ቀን ተሰጥቶታል።

ይሁን እንጂ መዝገብ ዘወትር ወደ ፊት ብቻ አይጓዝም። አንድ ግንበኛ ተሰናብቶ ወደ ሥራዬ ልመለስ ሲል፣ የሥር ፍርድ ቤት የ3 ወሩ ይርጋ አልፎበታል ብሎ ማስረጃ ሳይሰማ ክሱን ቢዘጋና ይግባኝ ሰሚው ይህን ቢሽር፣ በ1958 ዓ.ም. በወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 341 መሠረት ጉዳዩ እንደገና እንዲታይ ወደ ሥር ሊመለስ ይችላል። መመለሱ በራሱ ነቀፋ የለበትም፤ ያልተሰማ ምስክር ሳለ በግምት መፍረድ አይገባምና። ማስረጃው በመዝገቡ የተሟላ ሲሆን ግን ይግባኝ ሰሚው ራሱ እንዲቋጨው ሕጉ ይፈቅዳል።

በዚህ መካከል የሚያልቀው የሠራተኛው ዕድሜ ነው። ወደ ሥራው እንዲመለስ ቢፈረድለት እንኳ ውዝፍ ደመወዙ በመጀመሪያው ችሎት ከ6 ወር፣ በይግባኝ ሲጸና ከ1 ዓመት አይበልጥም፤ ከዚያ ወዲያ ያለፈውን ቀን የሚከፍልለት የለም።

መሐንዲሱም ከነገሩ ውጭ አይደለም። ብዙ ጊዜ የስንብቱን ደብዳቤ የሚፈርመው፣ የሥራ ሰዓት መቆጣጠሪያውን የሚይዘው እርሱ ነው። ምክንያቱና ቀኑ በትክክል የሰፈረበት ወረቀት ገና ከጅምሩ ቢቀርብ፣ መዝገቡ የሚመላለስበት ሰበብ ይቀንሳል። መሠረቱ የተዛነፈ ግንብ ጣሪያው ላይ ሲደረስ አይቃናም።