ዋስ ስንሆን ምን ላይ ነው የምንፈርመው?

(በአፉላ ለወጣቶችና ለወላጆች የቀረበ ንግግር)



ዛሬ የምናገረው ስለ ዋስትና ነው። አንድ ሰው ሴትን በማስፈራራት፣ በመከታተል ወይም ሌት ተቀን እየደወለ በማስጨነቅ ሲያዝ ዳኛው ይልቀቀው ወይስ ይሰረው ብሎ እንዴት ይወስናል? በእኛ ዘንድ ይህ ነገር ይምታታል። ልጁ በዋስ ሲወጣ የእሱ ቤተሰብ «ነፃ ወጣ» ብሎ ይደሰታል፤ የእሷ ቤተሰብ «ሕግ የለም» ብሎ ያዝናል። ሁለቱም ተሳስተዋል። ፍርዱ ገና ነው።

በእስራኤል ይህን የሚወስነው በ1996 የወጣው የእስር ሕግ ነው። አዋቂ ሰው ከተያዘ ፖሊስ ራሱ በዋስ ካልለቀቀው፣ በመሠረቱ በ24 ሰዓት ውስጥ ዳኛ ፊት ይቀርባል። እዚህ አፉላ የሻሎም ፍርድ ቤት አለ፤ በውሳኔው ያልተስማማ ናዝሬት የአውራጃ ፍርድ ቤት ይግባኝ ይላል።

ክስ ከተመሠረተ በኋላ ዓቃቤ ሕጉ «ጉዳዩ እስኪያልቅ ይታሰር» ካለ ዳኛው ሦስት ነገር ያያል። አንደኛ፣ ለጊዜው የሚበቃ ማስረጃ አለ ወይ? መልእክቱ፣ የተደወለው ስልክ፣ ምስክሩ ይታያል። ሁለተኛ፣ የሚያሠጋ ነገር አለ ወይ? ለእሷ አደገኛ ነው? ይሸሻል? ምስክር ያስፈራራል? በቤተሰብ አባል ላይ የተፈጸመ ጥቃት ከሆነ ሕጉ ራሱ አደገኛ ነው ብሎ ይጀምራል፤ አይደለሁም ብሎ ማሳየት የተከሳሹ ፋንታ ነው። ሦስተኛ፣ ሳይታሰር አደጋውን መከላከል ይቻላል ወይ? «ሐሉፋት መዓጻር» የሚሉት ይህንን ነው።

እኛ የምንገባው እዚህ ላይ ነው። ዳኛው የቤት እስር፣ በሌላ ከተማ መቀመጥ፣ እግር ላይ የሚታሰር «ኢዙቅ»፣ የገንዘብ ዋስ ሊያዝ ይችላል። ብዙ ጊዜም «መፋቄያሕ» ማለትም ተቆጣጣሪ ይፈለጋል፤ እናት፣ አጎት ወይም ታላቅ ወንድም። ተቆጣጣሪው ይጠየቃል። ስንት ሰዓት ቤት ትሆናለህ? ልጁ ይሰማሃል? ቢወጣ ፖሊስ ትጠራለህ?

በአገር ቤት ዋስ ማለት በቀጠሮው ቀን ሰውየውን የሚያቀርብ ነው። የኢትዮጵያ የ1954 ዓ.ም. የወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕግም ቢሆን ሌላ ወንጀል ይሠራል ወይም ምስክር ያባብላል ተብሎ የሚሠጋን ሰው ዋስትና ይከለክላል። እዚህ ተቆጣጣሪ ስትሆኑ ሸክሙ ይብሳል፤ ልጁን ማቅረብ ብቻ ሳይሆን እሷ ዘንድ እንዳይደርስ መጠበቅ አለባችሁ። የማትችሉ ከሆነ «አልችልም» ማለት ነውር የለውም። ዕብራይስጡ ካልገባችሁ ሳይተረጎምላችሁ አትፈርሙ።

አሁን ከባዱን ልናገር። ሽምግልና የከበረ ባህላችን ነው። ነገር ግን ዳኛው «በራስህም በሰውም በኩል አታግኛት» ብሎ ካዘዘ፣ ሽማግሌ ልኮ «ክሱን አንሺ» ማሰኘት ትእዛዙን መጣስ ነው። ልጁ በዚህ ምክንያት ተመልሶ ሊታሰር ይችላል። ምስክር ቃሏን እንድትለውጥ መገፋፋትም ራሱን የቻለ ወንጀል ነው። ለልጃችን ያዘንን መስሎን እናሳስረዋለን፤ እሷንም ሁለተኛ እንበድላታለን።

ለእኅቶቼ፦ መልእክቱን አታጥፉ። ቀኑንና ሰዓቱን ጻፉ። ፖሊስ ዘንድ ስትሄዱ ምን እንዳደረገ ብቻ ሳይሆን ለምን እንደምትፈሩት ተናገሩ፤ ዳኛው አደጋውን የሚመዝነው ከዚያ ነው። ትእዛዙን ከጣሰ 100 ደውሉ። የወንጀል ክስ ባይኖርም በ2001 በወጣው የማስፈራራትና የማስጨነቅ መከላከያ ሕግ የሻሎም ፍርድ ቤትን የጥበቃ ትእዛዝ መጠየቅ ይቻላል። እሱ በሌለበት ከተሰጠ በ7 ቀን ውስጥ ሁለቱም ይሰማሉ። ሰውን ለመጠበቅ የተሰጠ ትእዛዝ መጣስ እስከ 4 ዓመት ያሳስራል።

ለወንድሞቼ፦ «አልፈልግም» ካለችህ በሌላ ቁጥር፣ በጓደኛህ ስልክ መላክም ያው ነው። ከተያዝህ ጠበቃ የማግኘት መብት አለህ፤ አቅም ከሌለህ የሕዝብ ተከላካይ ጠበቃ ጠይቅ። በዋስ ከወጣህ ደግሞ የእናትህ ፊርማ በእጅህ ነው።

ዋስትና ለእሱ ሳይፈረድበት እንዳይቀጣ፣ ለእሷም ፍርዱ እስኪደርስ በሰላም እንድትኖር የተሠራ ነው። ሁለቱም የእኛው ልጆች ናቸው።