ማሪዮ ስንት ነው? ስለ ቈጠራና ስለ መቍጠሪያ ደንብ

(በአዲስ ዓለም ከተማ በተደረገው የማኅበራችን ዓመታዊ ስብሰባ ላይ የቀረበ ንግግር)

ርእሱን በመርሐ ግብሩ ላይ ያያችሁ አንዳንድ የሥራ ባልደረቦቼ፣ «በመሐንዲሶች ጉባኤ መካከል የልጆች ጨዋታ ምን ሊሠራ ገባ?» ስትሉ ጠይቃችሁኛል። ጥያቄው ተገቢ ነው። ይሁን እንጂ «ነገር በምሳሌ፣ ጠጅ በብርሌ» እንዲሉ፣ ስለ ሙያችን ለመናገር ያሰብሁትን አንድ ቁም ነገር ከዚህ ጨዋታ አብልጦ የሚያስረዳልኝ ምሳሌ አላገኘሁም። ቁም ነገሩም ይህ ነው፤ ማንኛውም ቈጠራ «አንድ» ብሎ ከመጀመሩ በፊት፣ ምን እንደሚቈጠርና ምን እንደማይቈጠር የሚወስን ደንብ ሊጻፍለት ይገባል።

ያደግሁት እዚሁ አዲስ ዓለም ነው። በ1990ዎቹ ዓመተ ምሕረት መጀመሪያ፣ ወደ አምቦ በሚወስደው መንገድ ዳር ከነበሩት ሱቆች በአንዱ የጓሮ ክፍል ውስጥ፣ አንድ አሮጌ ቴሌቪዥንና ከርሱ ጋር የተያያዘ የጨዋታ መሣሪያ ነበር። መሣሪያው የጃፓኑ የኒንቴንዶ ኩባንያ የሠራው ፋሚኮም ቅጂ መሆኑን ያን ጊዜ አናውቅም፤ የምናውቀው ሃምሳ ሳንቲም የከፈለ ልጅ እስኪሸነፍ ድረስ እንደሚጫወት ብቻ ነበር። ጨዋታዎቹ ባሉበት፣ እኛ «ካሴት» በምንለው ቢጫ ዕቃ ላይ 9999 የሚል ቍጥር ታትሞ ነበር። ዘጠኝ ሺህ ዘጠኝ መቶ ዘጠና ዘጠኝ ጨዋታ አለበት ማለት ነው።

ሦስት ልጆች ሆነን ይህን ቍጥር ለማጣራት ተነሣን። የሱቁ ባለቤት እሑድ ጠዋት፣ ገበያተኛ ሳይመጣ፣ መሣሪያውን እንድንከፍት ፈቀዱልን። የመጀመሪያዎቹን መቶ ቍጥሮች አንድ በአንድ እየከፈትን በደብተር መዘገብን። በቍጥር 1 ላይ ያገኘነው ባለ ቀይ ቆብ ማሪዮ፣ በቍጥር 23 ላይ እንደ ገና ብቅ አለ፤ ልዩነቱ ከመነሻው መጀመሩ ቀርቶ ከአራተኛው ዓለም መነሣቱ ብቻ ነበር። በቍጥር 57 ላይም ያው ማሪዮ ከወትሮው ከፍ ብሎ እንዲዘል ተደርጎ ተመልሶ መጣ። ስንጨርስ እኔ «ጨዋታዎቹ አሥራ አራት ናቸው» አልሁ። ጓደኛዬ «የሚጀምርበት ቦታ ከተለየ ጨዋታውም የተለየ ነው» ብሎ ሠላሳ አንድ አደረሳቸው። ሦስተኛው ልጅ ደግሞ «መቶ ቍጥር ከፍተናል፤ መቶ ነው» ብሎ ጸና። ሦስታችንም ያየነው አንድ ካሴት፣ የጻፍነውም በአንድ ደብተር ላይ ነበር። በአቈጣጠር የተሳሳተም አልነበረም። እንዲያም ሆኖ ተጣልተን ወደየቤታችን ሄድን።

ያ የልጅነት ክርክር ካደግሁ በኋላም ቢሆን አልተወኝም። በልዩ ልዩ አገር የሚገኙ የዚህ ጨዋታ ወዳጆች፣ «የሱፐር ማሪዮ ተከታታይ ዋና ዋና ጨዋታዎች ስንት ናቸው?» በሚለው ጥያቄ ላይ ዛሬም ድረስ እንደማይስማሙ ተረዳሁ። አንዱ 17 ይላል፤ ሌላው 19፤ ሌላው 22 ወይም 23። ልዩነቱ ከየት እንደሚመጣ ለመረዳት ታሪኩን በአጭሩ ማየት ያስፈልጋል። ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።

ማሪዮ ለመጀመሪያ ጊዜ የታየው በ1981 በወጣው ዶንኪ ኮንግ በተባለው ጨዋታ ነው፤ በ1983ም ማሪዮ ብሮስ የተባለ ጨዋታ በስሙ ወጥቶለታል። ይሁን እንጂ ተከታታዩ የሚጀምረው ሺጌሩ ሚያሞቶና ታካሺ ቴዙካ አዘጋጅተውት በ1985 ከወጣው ከሱፐር ማሪዮ ብሮስ ነው በሚለው ብዙዎች ይስማማሉ። ጨዋታው በስምንት ዓለማት የተከፈሉ 32 ደረጃዎች ሲኖሩት፣ ፕሮግራሙ ከነሥዕሉ 40 ኪሎባይት ብቻ ነበር። ዛሬ በእጅ ስልካችን የምናነሣው አንድ ፎቶግራፍ ከዚህ በብዙ እጥፍ ይበልጣል።

ችግሩ የሚጀምረው ገና ከሁለተኛው ነው። በ1986 ኩባንያው በጃፓን ሱፐር ማሪዮ ብሮስ 2ን አወጣ። ይህ ጨዋታ የመጀመሪያውን አሠራር ይዞ እጅግ የከበዱ ደረጃዎችን ያቀረበ ስለ ነበር፣ ለአሜሪካ ተጫዋች አይመችም ተብሎ ቀረ። በርሱ ፈንታ፣ በ1987 በጃፓን የወጣውን ዶኪ ዶኪ ፓኒክ የተባለ ሌላ ጨዋታ ወሰዱ፤ አራቱን ባለታሪኮች በማሪዮ፣ በሉዊጂ፣ በቶድና በልዕልቲቱ ተኩና በ1988 ለአሜሪካ «ሱፐር ማሪዮ ብሮስ 2» ብለው አቀረቡት። ስለዚህ በሁለት አገር፣ በአንድ ስምና በአንድ ቍጥር የሚጠሩ ሁለት የተለያዩ ጨዋታዎች ተገኙ። የአሜሪካው በ1992 «ሱፐር ማሪዮ ዩኤስኤ» ተብሎ ወደ ጃፓን ተመለሰ፤ የጃፓኑም በ1993 «የጠፉት ደረጃዎች» የሚል ትርጉም ያለው ስም ተሰጥቶት ወደ አሜሪካ ሄደ። ታዲያ ሁለተኛው የትኛው ነው? በሌላ ስም የተወለደውስ ከማሪዮ ልጆች ጋር ይቈጠራልን?

እኛ የአዲስ ዓለም ልጆች ይህን ታሪክ ስንሰማ ብዙም ሊደንቀን አይገባም። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 አካባቢ ይህችን ከተማ አዲስ መናገሻ ሊያደርጓት አስበው ሥራ አስጀምረው ነበር። ኋላ ግን መናገሻው በአዲስ አበባ ጸና፤ ለዚህም የባሕር ዛፍ መተከል የማገዶን ችግር ማቃለሉ ከምክንያቶቹ አንዱ ሆኖ ይጠቀሳል። ለቤተ መንግሥት የታሰበው ሕንፃም ለማርያም ቤተ ክርስቲያን ዋለ። የምኒልክን መናገሻዎች አንኮበር፣ እንጦጦ፣ አዲስ አበባ እያለ የሚዘረዝር ሰው፣ አዲስ ዓለምን ይጨምራት ወይስ ይለፋት? በታሰበላት የሚቈጥር ይጨምራታል፤ በሆነችው የሚቈጥር ያልፋታል። ስለ ቤተ ክርስቲያኑ ግን ማንም አይጠራጠርም፤ መሠረቱ የተጣለው ለምንም ይሁን ለምን፣ ዛሬ ምእመናን የሚሳለሙት ደብር ነው። እኔም የአሜሪካውን ሁለተኛ ማሪዮ የምቈጥረው በዚሁ ደንብ ነው። የተጀመረው ለሌላ ቢሆንም የቆመው ማሪዮ ሆኖ ነው፤ ከርሱ የመጡ ልዩ ልዩ ፍጥረታትም በኋለኞቹ የማሪዮ ጨዋታዎች ውስጥ ቤተኞች ሆነው ቀርተዋል።

እንግዲህ ለቈጠራው ምን ዓይነት መለያ እንምረጥ? ሦስት ዓይነት መለያ ሊቀርብ ይችላል።

የመጀመሪያው ስም ነው። «ሱፐር ማሪዮ» የሚል ስም ያለበትን ሁሉ ብንቈጥር፣ በ1992 የወጣው የመኪና እሽቅድድም ሱፐር ማሪዮ ካርት ሊገባ ነው። በ1994 የወጣው ሱፐር ማሪዮ ላንድ 3 ዋና ባለታሪኩ ዋሪዮ ነው፤ በ1995 የወጣው ሱፐር ማሪዮ ወርልድ 2ም ዮሺ የተባለውን ፍጥረት እንጂ ማሪዮን አያስሮጥም። ስም ብቻውን አይበቃም።

ሁለተኛው መለያ ሠሪው ነው። የሚያሞቶና የባልደረቦቹ ክፍል የሠራቸውን ብቻ እንቈጥራለን ብንል፣ በ1989 በእጅ ለሚያዘው ጌም ቦይ የወጣው ሱፐር ማሪዮ ላንድ ይወድቃል፤ እርሱን ያዘጋጀው በጉንፔ ዮኮይ የሚመራው ሌላ ክፍል ነበርና። የ1992ቱም ሱፐር ማሪዮ ላንድ 2 አብሮት ይወጣል። እነዚህን ሁለቱን የማይቈጥር ሰው ግን ብዙ አላጋጠመኝም።

ሦስተኛው መለያ የሥራው ጠባይ ነው፤ እኔም የመረጥሁት ይህንኑ ነው። ደንቤን በአራት አንቀጽ አስቀምጣለሁ። አንደኛ፣ ተጫዋቹ ሩጫውንም ዝላዩንም ራሱ እየመራ ደረጃዎችን የሚያልፍበት ይሁን። ሁለተኛ፣ ደረጃዎቹ ከቀድሞ ሥራ ያልተቀዱ፣ በአብዛኛው በጨዋታው ሠሪዎች የተዘጋጁ ይሁኑ። ሦስተኛ፣ ዋናው ባለታሪክ ማሪዮ ይሁን። አራተኛ፣ የሌላ ጨዋታ ተጨማሪ ሳይሆን ለብቻው የቆመ ሥራ ይሁን።

በዚህ ደንብ ስንሄድ፣ ከ1985 እስከ 1992 ሰባት ጨዋታዎች እናገኛለን፤ እነርሱም የመጀመሪያው፣ ሁለቱ ሁለተኞች፣ ሦስተኛው፣ ሱፐር ማሪዮ ወርልድና ሁለቱ ላንድ ናቸው። ቀጥሎ በ1996 ሱፐር ማሪዮ 64፣ በ2002 ሱፐር ማሪዮ ሳንሻይን ይመጣሉ፤ ዘጠኝ ሆኑ። ከ2006 እስከ 2013 ድረስ «ኒው» የሚል ቅጥያ ያላቸው አራቱ፣ ሁለቱ ጋላክሲ፣ ስሪዲ ላንድና ስሪዲ ወርልድ ስምንት ይጨምራሉ፤ አሥራ ሰባት ሆኑ። በ2017 ኦዲሲ፣ በ2023 ዎንደር ሲታከሉ ድምሩ 19 ነው።

የቀሩትም በዘፈቀደ አልቀሩም። በ2016 ለእጅ ስልክ የወጣው ሱፐር ማሪዮ ራን፣ ማሪዮ በራሱ ስለሚሮጥና ተጫዋቹ ዝላዩን ብቻ ስለሚያዝ በአንደኛው አንቀጽ ይወጣል። በ2015ና በ2019 የወጡት ሁለቱ ሱፐር ማሪዮ ሜከር ተጫዋቹ ራሱ ደረጃ እንዲሠራ የታሰቡ በመሆናቸው በሁለተኛው ይወጣሉ። በ2013 የወጣው ኒው ሱፐር ሉዊጂ ዩ፣ ማሪዮ ስለሌለበትና መጀመሪያ የሌላ ጨዋታ ተጨማሪ ሆኖ ስለ መጣ በሦስተኛውና በአራተኛው ይወጣል። ሦስቱን የሚጨምር 22 ይላል፤ ሉዊጂንም የሚጨምር 23። ሁለቱን ላንድ ከዝርዝሬ የሚያወጣም 17 ይላል። ሁለተኛው ሜከር በሠሪዎቹ የተዘጋጁ ከመቶ በላይ ደረጃዎች ስላሉት፣ ደንቤ በርሱ ላይ ሲደርስ እንደሚያነክስ አልሸሽግም። ይሁን እንጂ ደንቡ የት ላይ እንደሚያነክስ ለማወቅ የቻልሁት ስለ ተጻፈ ነው።

አሁን ከጨዋታው ወደ ሥራችን ልመለስ። «የጊቤ ግድቦች ስንት ናቸው?» ብሎ የሚጠይቅ ሰው ብዙ ጊዜ የሚያገኘው መልስ «አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት» የሚል ነው። ዳሩ ግን በ2004 የተመረቀው 184 ሜጋዋቱ ጊቤ 1 ግድብ ሲኖረው፣ በ2010 የተመረቀው 420 ሜጋዋቱ ጊቤ 2 የራሱ ትልቅ የውኃ ማከማቻ ግድብ የለውም፤ ከጊቤ 1 የወጣውን ውኃ 26 ኪሎ ሜትር በሚረዝም ዋሻ ወስዶ ወደ ኦሞ ሸለቆ ያወርደዋል። በ2016 የተመረቀው 1,870 ሜጋዋቱ ጊቤ 3 ደግሞ ስሙ ጊቤ ይሁን እንጂ የቆመው በኦሞ ወንዝ ላይ ነው። ስለዚህ ማመንጫ የሚቈጥር ሦስት፣ ትልቅ ግድብ የሚቈጥር ሁለት፣ በግልገል ጊቤ ወንዝ ላይ የቆመ ግድብ የሚቈጥር አንድ ይላል። ሦስቱም እውነት ተናግረዋል።

እንዲህ ያለው ልዩነት በወግ ላይ ሲሆን ያስቃል፤ በሥራ ላይ ሲሆን ግን ያስለቅሳል። ከጥቂት ዓመታት በፊት በአንድ መሥሪያ ቤት ሳገለግል፣ የአንድ የጠጠር መንገድ የውኃ ማሳለፊያ ቱቦዎች ቈጠራ በእጄ ገባ። አንዱ ቡድን 41፣ ሌላው 58 ብሎ አመጣ። የመጀመሪያው ውኃ መንገዱን የሚያቋርጥበትን ቦታ ሲቈጥር፣ ሁለተኛው በአንድ ቦታ ጎን ለጎን የተቀበሩትን ቱቦዎች እያንዳንዳቸውን ቈጥሮ ነበር። እኔ ግን ይህን ሳልጠይቅ ሁለተኛው ቡድን ደግሞ የቈጠረ መስሎኝ በሠንጠረዡ ላይ «ቱቦ፣ 41» ብዬ ጻፍሁ። የጽዳት ሠራተኞቹ በታዘዙት መሠረት ከመንገዱ መጀመሪያ ተነሥተው 41 ቱቦ ጠረጉና ሥራቸውን ፈጸሙ። በመጨረሻዎቹ መሻገሪያዎች ላይ ያሉት 17 ቱቦዎች በደለል እንደ ተደፈኑ ቀሩ።

በሐምሌ ውኃው መንገዱን ቈርጦ ሄደ። በዚያው ሳምንት አንዲት ወላድ ከማዶው ቀበሌ ወደ ጤና ጣቢያ የደረሰችው፣ ጎረቤቶቿ በቃሬዛ ተሸክመው በደራሽ ውኃ ውስጥ ካሻገሯት በኋላ ነው። እናቲቱም ልጁም ተርፈዋል፤ ስለዚህ ይህን ታሪክ ሳልሸማቀቅ ባልናገረውም፣ ልናገረው ችያለሁ። ማንም ቡድን አልዋሸም፤ ማንም ሠራተኛ አልለገመም። የጎደለው ከቍጥሩ በላይ ሊጻፍ የሚገባው አንድ መስመር ነበር፤ ጥፋቱም የኔ ነበር።

ክቡራትና ክቡራን፤ እንግዲህ የማቀርበው አሳብ ቀላልና ወጪ የማይጠይቅ ነው። ድልድይም ይሁን ትራንስፎርመር፣ የውኃ ጉድጓድም ይሁን የመብራት ምሰሶ፣ በየመሥሪያ ቤታችን በምናዘጋጀው የቈጠራ ሠንጠረዥ ሁሉ ራስጌ ላይ «በዚህ ሠንጠረዥ አንድ የሚባለው ይህ ነው፤ የማይገባውም ይህ ነው» የሚል አጭር ማብራሪያ እንጻፍ። አጠራጣሪ የሆኑትንም ሰርዘን በመደበቅ ፈንታ፣ ለብቻቸው ዘርዝረን ያልገቡበትን ምክንያት እናስፍር። ከኛ በኋላ የሚመጣው መሐንዲስ ደንባችንን ባይወደው እንኳ፣ ቈጠራችንን እንደ ገና ወደ ሜዳ ሳይወጣ በራሱ ደንብ ሊያስተካክለው ይችላል።

ማሪዮ ስንት ነው ለሚለኝ ሰው መልሴ 19 ነው። የማይስማማ ቢኖር ከአራቱ አንቀጾች የትኛውን እንደሚለውጥ ይንገረኝ፤ ለውጡን ተቀብዬ አብሬው እቈጥራለሁ። ያን እሑድ ጠዋት ሦስት ልጆች ይህን ብናውቅ ኖሮ፣ ሳንጣላ ወደየቤታችን በገባን ነበር።