ስለ እንዶድ፤ በኢዮቤልዩ በዓል ቀን የተነገረ ንግግር



እንዶድን የማያውቅ የደጋ ሰው የለም። በአጥር ሥር የሚበቅል ቍጥቋጦ ነው፤ ፍሬው ደርቆ ተወቅጦ በውኃ ሲታሽ አረፋ ያወጣልና፥ ሳሙና ሳይገባ በፊት ጋቢውም ነጠላውም የካህናቱም ቀሚስ የሚነጻው በእርሱ ነበር። ሳሙና ከበዛ ወዲህ ግን ተናቀ። አጥሩ በቆርቆሮ ሲተካ እንዶዱ ተነቅሎ ይጣላል፤ እህል ነው ብሎ የሚጠብቀው፥ የደን ዛፍ ነው ብሎ የሚቈጥረው የለም።

እንደ አውሮጳ አቈጣጠር በ1964 ዓመት ዶክቶር አክሊሉ ለማ የቢልሃርዝያን በሽታ ሊመረምሩ ወደ ዓድዋ ሄዱ። በዚያም ሴቶች በወንዝ ልብስ ሲያጥቡ፥ ከእነርሱ ዝቅ ብሎ ባለው ውኃ ላይ ከሌላው ስፍራ ይልቅ ብዙ የሞቱ ቀንድ አውጣዎች ተንሳፈው አዩ። ሴቶቹ የሚያጥቡት በእንዶድ ነበር።

የነገሩን ክብደት ለማስተዋል የበሽታውን መንገድ ማወቅ ያሻል። የታመመ ሰው በውኃ ዳር ሲጸዳዳ የትሉ ዕንቍላል ወደ ውኃ ይገባል፤ ይፈለፈልና ቀንድ አውጣ ፈልጎ በሰውነቱ ውስጥ ይራባል፤ እንደ ገና ወደ ውኃ ይወጣል፤ ከዚያም ሊታጠብ ወይም ሊቀዳ የገባውን ሰው ቆዳ በስቶ ይገባል። ሕፃናትን ያከሳል፥ ጕበትንም ይጐዳል። መድኃኒት ትሉን ከሰው ቢያጠፋው እንኳ፥ ሰውየው ወደዚያው ወንዝ ይመለሳልና ዳግመኛ ይያዛል። ቀንድ አውጣው ሲጠፋ ግን መንገዱ ይቋረጣል። በዓድዋ ለ5 ዓመት በተደረገው ሙከራ፥ ከትንንሽ ልጆች መካከል በሽታው ያለባቸው ከመቶ 50 የነበሩት ወደ 7 ወረዱ።

ደግሞም እንዶድ ሁሉ አንድ አይደለም። ዶክቶር ለገሠ ወልደ ዮሐንስና ባልንጀሮቻቸው ከልዩ ልዩ ስፍራ ብዙ ዓይነት ሰብስበው ሲፈትኑ፥ አንዱ ደካማ፥ አንዱ ብርቱ ሆኖ ተገኘ፤ ከሁሉም የተመረጠው 44ኛ የተባለው ዓይነት ነው። ይህ ዓይነት አስቀድሞ ተነቅሎ ቢሆን ኖሮ መጥፋቱን እንኳ የሚያውቅ ባልኖረ ነበር። ሁለቱ ሊቃውንት በ1989 ዓመት ራይት ላይቭሊሁድ የተባለውን ሽልማት ተቀበሉ።

ነገሩ በዓድዋ ወንዝ ብቻ አልቀረም። ባሕር ተሻጋሪ መርከቦች ሚዛናቸውን ለመጠበቅ በሚሞሉት ውኃ ውስጥ፥ ከጥቍር ባሕርና ከካስፒያን ባሕር አገር የሆነ ባለ ቅርፊት ትንሽ ፍጥረት ወደ ሰሜን አሜሪካ ታላላቅ ሐይቆች ገባ። በ1988 ዓመት ሲገኝ ጠላት አልነበረውምና በዝቶ የከተሞችን የውኃ ቧንቧ ደፈነ። እንዶድ ይህንንም እንደሚገድል በቶሌዶ ዩኒቨርሲቲ ተፈተነ፤ ለዚህም ሥራ የባለቤትነት መብት ወጣበት። የዓድዋ እናቶች ስም ግን በዚያ ወረቀት አልተጻፈም፤ ይህም ብዙ ክርክር አስነሣ፥ ክርክሩም ተገቢ ነው።

እንዶድ ዓሣንም እንደሚገድል ግን መዘንጋት አይገባም። ኃይሉ በጥቂት ቀን ውስጥ ከውኃው ይጠፋል፤ ቢሆንም ዓሣ ምግቡ የሆነ ሰው ባለበት ሐይቅ እንዲሁ አይበተንም፤ የሚጨመረው በልክ፥ ያውም ሕፃናት በሚታጠቡበትና ሴቶች ውኃ በሚቀዱበት ስፍራ ነው።