ከስፌት መኪና ወደ ካሜራ

ፈረንሳዊቷ ተዋናይት ኤማኑኤል ሪቫ በቮዥ አውራጃ ልብስ ሰፊ ነበረች። ትወና ልትማር ፓሪስ የገባችው ሃያዎቹን አጋምሳ ነው። ስሟን ያስጠራው እ.ኤ.አ. በ1959 የወጣው «ሒሮሺማ፣ ፍቅሬ» የተሰኘው ፊልም ነው። በቀረጻው ሰሞን ካሜራ አንግታ የሒሮሺማን ሰፈሮችና ሕፃናት ፎቶ ታነሳ ነበር፤ እኔማ ከፊልሙ እኩል የምወደው ይህን ነው። ፎቶዎቹ በመጽሐፍ የታተሙት ከ50 ዓመት ገደማ በኋላ ነው።

ከዚያ ፊልም በኋላ ቲያትር፣ ቴሌቪዥን፣ ትንንሽ ሚናዎች። ዝናው ቀዘቀዘ፤ እሷ ግን ሥራዋን አልተወችም። እ.ኤ.አ. በ2012 «አሙር» በተሰኘው ፊልም፣ በስትሮክ የተመታች አሮጊት የፒያኖ መምህርት ሆና ተወነች። በምርጥ ተዋናይት ዘርፍ ለኦስካር ስትታጭ 85 ዓመቷ ነበር። ሽልማቱን ሌላ ወሰደችው። የሥነ ሥርዓቱ ዕለት ግን 86ኛ የልደት ቀኗ ነበር።